ከሸራ ጀልባ ወደ ግምጃ ቤት፦ የኢስቶኒያው ቶማስ ቶኒስቴ መንገድና ለጀግኖቻችን የምናቀርበው ጥያቄ

ኢስቶኒያ የአውሮፓ ኅብረት ምክር ቤትን የስድስት ወር ተራ ሊቀመንበርነት በታሪኳ ለመጀመሪያ ጊዜ የተረከበችው ጁላይ 1 ቀን 2017 ነው (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። የ28ቱን አባል አገሮች የገንዘብ ሚኒስትሮች ስብሰባ የመምራት ኃላፊነት የወደቀባቸው ሰው በዚያ ዕለት ሚኒስትር ከሆኑ ገና 19 ቀናቸው ነበር። በጠረጴዛው ዙሪያ እንደ ጀርመኑ ቮልፍጋንግ ሾይብለ ያሉ፣ ከ1972 ጀምሮ ከፓርላማ ያልተለዩ አንጋፋ ፖለቲከኞች ተቀምጠዋል። ስብሰባውን የሚመሩትን አቶ ቶማስ ቶኒስቴን ደግሞ የአገራቸው ሰው ከሁሉ አስቀድሞ የሚያውቃቸው በሸራ ጀልባ ነው። በሁለት ኦሎምፒኮች፣ በሁለት የተለያዩ ባንዲራዎች ሥር፣ ከመንታ ወንድማቸው ጋር ሁለት ሜዳሊያ ያገኙ ባሕርተኛ ናቸው። ከዚያ በኋላ ነጋዴ፣ ቀጥሎም የፓርላማ አባል፣ በመጨረሻም የገንዘብ ሚኒስትር ሆነዋል።

የእኚህን ሰው ታሪክ ለማንሳት የተነሳሁት ስፖርተኞች ፖለቲካ ውስጥ ሲገቡ የምንሰጠው ፍርድ በየትኛውም አገር የተሳሳተ መስሎ ስለሚታየኝ ነው። አንዱ ወገን «አገሩን ያስጠራ ሰው አገሩን መምራት አያቅተውም» ይላል፤ ሌላው «ሯጭ ይሩጥ፣ ቀዛፊም ይቅዘፍ» ብሎ በሩን ይዘጋል። ሁለቱም የሚያዩት ሜዳሊያውን ብቻ ነው። እኔ የምለው ግን በሜዳሊያውና በወንበሩ መካከል ያሉት ዓመታት መመርመር አለባቸው፣ ሰውየው ወንበሩ ላይ ከተቀመጠ በኋላም የሚለካው በሠራው ሥራ ብቻ መሆን አለበት ነው። ቶኒስቴ ለዚህ ጥሩ ምሳሌ ናቸው፤ ምክንያቱም ታሪካቸው ለአድናቂዎቻቸውም ሆነ ለተቺዎቻቸው በቀላሉ የሚመች አይደለም።

በእኛ ዘንድ የ1980ው የሞስኮ ኦሎምፒክ ሲነሳ ወዲያው ትዝ የሚለን ምሩፅ ይፍጠር ነው። «ማርሽ ቀያሪው» በ10,000 እና በ5,000 ሜትር ሁለት ወርቅ ያገኘው በዚያ ውድድር ነው። ሞስኮ ግን ባሕር የላትም፤ ስለዚህ የኦሎምፒኩ የሸራ ጀልባ ውድድር የተካሄደው በባልቲክ ባሕር ዳርቻ፣ በያኔዋ የሶቪየት ኢስቶኒያ ዋና ከተማ በታሊን ነበር። የፒሪታ ወንዝ ወደ ባሕሩ በሚፈስበት ስፍራ፣ ከጥንታዊው የቅድስት ብሪጊታ ገዳም ፍርስራሽ አጠገብ፣ ለዚሁ ውድድር ትልቅ የጀልባ ማዕከል ተገነባ። የታሊን የቴሌቪዥን ማማና በወደቡ አጠገብ ያለው ግዙፍ የኮንሰርት አዳራሽም የዚያው ዝግጅት ውጤቶች ናቸው። ኤፕሪል 26 ቀን 1967 በታሊን የተወለዱት መንትዮቹ ቶማስና ቶኑ ያን ጊዜ የ13 ዓመት ልጆች ነበሩ። ስለ ተሰጥኦ ስናወራ ይህን መዘንጋት አይገባም። ዓለም አቀፍ ደረጃ ያለው የጀልባ ማዕከል በገዛ ከተማቸው ዳርቻ የተሠራላቸው ልጆችና ባሕሩን በሩቁ ብቻ የሚያዩ ልጆች ዕድላቸው እኩል አይደለም። ማዕከሉን የሠራው መንግሥት ደግሞ ኢስቶኒያውያን ያልመረጡት መንግሥት ነበር። አንድ ሕዝብ ካልወደደው አገዛዝ በተረፈው ግንብ ልጆቹን ሊያሳድግ እንደሚችል የኢስቶኒያ ስፖርት በግልጽ ያሳያል።

ወንድማማቾቹ የተወዳደሩበት የጀልባ ዓይነት «470» ይባላል። ስሙ የተወሰደው ከርዝመቱ ነው፤ ጀልባዋ 4 ሜትር ከ70 ሳንቲ ሜትር ነች። ሁለት ሰው ይይዟታል። አንዱ መሪውንና ዋናውን ሸራ ይቆጣጠራል፤ ሌላው ከምሰሶው በሚወርድ ሽቦ ላይ በወገቡ ታጥቆ፣ እግሩን ከጀልባዋ ጠርዝ ላይ አሳርፎ፣ ሰውነቱን ከውኃው በላይ ዘርግቶ ሚዛን ይጠብቃል። ነፋሱ ሲበረታ ይዘረጋል፣ ሲላላ ወደ ውስጥ ይሰበሰባል። ጀልባዋ ቀላል ስለሆነች የአንዱ የአንድ ሰከንድ መዘግየት ሁለቱንም ውኃ ውስጥ ይጥላል። እንደ ሯጭ ብቻውን የሚከብር ሰው በዚህ ውድድር የለም፤ ሌላው ሰው ምን ሊያደርግ እንደሆነ ሳይጠይቁ ማወቅ ያስፈልጋል። መንትያ መሆን በዚህ ረገድ ሳይጠቅማቸው አልቀረም ብዬ አምናለሁ።

ቀጥሎ ያለው የታሪካቸው ክፍል ከአገራቸው ታሪክ ጋር የተጠላለፈ ነው። ሴፕቴምበር 11 ቀን 1988፣ ከታሊን መሃል ወደ ፒሪታ በሚወስደው የባሕር ዳርቻ መንገድ ላይ በሚገኘው የመዝሙር በዓል ሜዳ፣ ወደ 300 ሺህ እንደሚደርስ የሚነገርለት ሕዝብ ተሰብስቦ የተከለከሉ የአገር መዝሙሮችን ዘመረ፤ የነፃነት ጥያቄም በአደባባይ ተነሳ። ይህ «የመዝሙር አብዮት» ተብሎ የሚታወቀው ንቅናቄ አንዱ ከፍታ ነበር። ከስድስት ቀን በኋላ፣ ሴፕቴምበር 17፣ የሴኡል ኦሎምፒክ ተከፈተ። ኢትዮጵያ በዚያ ኦሎምፒክ አልነበረችም፤ ከሰሜን ኮሪያ ጎን ቆማ አድማ ካደረጉት ጥቂት አገሮች አንዷ ስለነበረች አንድ ትውልድ ሯጮቻችን ዕድላቸው አመለጣቸው። የቶኒስቴ ወንድማማቾች ግን የሶቪየት ኅብረትን መለያ ለብሰው የሸራ ጀልባው ውድድር ወደተካሄደበት ወደ ደቡብ ኮሪያዋ የወደብ ከተማ ወደ ፑሳን ባሕር ወረዱ።

የፑሳን ነፋስ ለሸራ ጀልባ ታሪክ የማይረሳ ነው። ሴፕቴምበር 24 ቀን በ«470» ውድድር ሁለት የሲንጋፖር ተወዳዳሪዎች ጀልባቸው ተገልብጣ ሕይወታቸው አደጋ ላይ ሲወድቅ፣ በሌላ የውድድር ዓይነት ሜዳሊያ ሊያገኝ በሚችልበት ደረጃ ላይ የነበረው ካናዳዊው ሎረንስ ለሚዩ የራሱን ውድድር ትቶ አዳናቸው፤ በኋላም ለዚህ ተግባሩ ለስፖርታዊ ጨዋነት የሚሰጠው የፒየር ደ ኩበርታን ሜዳሊያ ተሰጠው። በእንዲህ ዓይነቱ ውኃ ላይ ፈረንሳውያኑ ቲዬሪ ፔፖኔና ሉክ ፒዮ ወርቁን ሲወስዱ፣ የ21 ዓመቶቹ መንትዮች የብር ሜዳሊያ አገኙ። ለክብራቸው የተሰቀለው ባንዲራ ከጥቂት ቀናት በፊት በገዛ ከተማቸው ሕዝቡ የተቃወመው ባንዲራ ነበር። በዚያች ሰዓት በልባቸው ምን እንደነበረ መገመት አልፈልግም። ግን አንድ ወጣት የአገሩ ባልሆነ ባንዲራ ሥር ጥሩ ሠራ ተብሎ በከሃዲነት መፈረጅ እንደሌለበት አጥብቄ እናገራለሁ። ስፖርተኛ የሚወዳደረው ታሪክ በሰጠው መለያ ነው።

ከአራት ዓመት በኋላ ሁሉም ነገር ተለውጧል። ኢስቶኒያ ኦገስት 20 ቀን 1991 ነፃነቷን መልሳ አወጀች። ጁን 20 ቀን 1992 ደግሞ ከሶቪየት ኅብረት ሪፐብሊኮች ቀድማ ሩብልን ጥላ የራሷን ገንዘብ፣ ክሮንን፣ አስተዋወቀች። እያንዳንዱ ነዋሪ መቀየር የተፈቀደለት 1,500 ሩብል ብቻ ሲሆን፣ በ10 ለ 1 ሒሳብ 150 ክሮን ይደርሰው ነበር። ይህ ከሆነ ከአምስት ሳምንት በኋላ፣ ጁላይ 25፣ የባርሴሎና ኦሎምፒክ ተከፈተ። ይህ ኦሎምፒክ ለእኛም የመመለሻ ኦሎምፒክ ነበር፤ ከሎስ አንጀለስና ከሴኡል የቀረችው ኢትዮጵያ ተመልሳ ደራርቱ ቱሉ በ10,000 ሜትር ወርቅ ያገኘችው፣ አዲስ አበበና ፊጣ ባይሳም ነሐስ ያመጡት በባርሴሎና ነው። ኢስቶኒያ በበጋ ኦሎምፒክ በገዛ ስሟ ስትሳተፍ ከ1936ቱ የበርሊን ኦሎምፒክ ወዲህ የመጀመሪያዋ ነበር።

ኢስቶኒያ ከባርሴሎና ይዛ የተመለሰችው ሁለት ሜዳሊያ ነው። የብስክሌት ተወዳዳሪዋ ኤሪካ ሳሉሜ ወርቅ ስታገኝ በሽልማቱ ሥነ ሥርዓት ላይ ሰማያዊ፣ ጥቁርና ነጩ ባንዲራ ተገልብጦ ተሰቀለ፤ ዓለም ይህን ባንዲራ ለምን ያህል ጊዜ ሳያየው እንደቆየ ከዚህ የበለጠ የሚያሳይ ነገር ያለ አይመስለኝም። ሁለተኛው ሜዳሊያ የቶኒስቴ ወንድማማቾች ነሐስ ነበር። ኢስቶኒያ በሸራ ጀልባ የኦሎምፒክ ሜዳሊያ ስታገኝ ከ1928ቱ የአምስተርዳም ነሐስ ወዲህ ይህ የመጀመሪያዋ ነው። የፑሳን ነፋስ ኃይለኛ፣ የባርሴሎናው ደግሞ ለስላሳና ተለዋዋጭ ስለነበር፣ በሁለቱም ሜዳሊያ ማግኘት በአንድ ዓይነት ጥንካሬ ብቻ የሚሳካ አይደለም። ለእኔ ከሁለቱ ሜዳሊያዎች ጀርባ ያለው ትልቁ ነገር ይህ ነው።

እዚህ ላይ ቆም ብለን እንጠይቅ። ይህ ሁሉ ስለ አንድ የገንዘብ ሚኒስትር ብቃት ምን ይነግረናል? እውነቱን ለመናገር ትንሽ ብቻ ነው። ትዕግሥትን፣ ከሌላ ሰው ጋር ተናብቦ መሥራትን፣ ሁኔታ ሲለወጥ መለወጥን ይነግረናል። ስለ በጀት፣ ስለ ጡረታ ወይም ስለ ግብር ሕግ ግን ምንም አይነግረንም። እንዲያውም በሁለቱ መካከል ብዙ ጊዜ የማይነሳ መሠረታዊ ልዩነት አለ። በዚያ ዘመን የኦሎምፒክ ጀልባ ውድድር ሰባት ዙር ነበረው፤ ተወዳዳሪው ካደረጋቸው ሰባት ዙሮች እጅግ የከፋው ተጥሎለት የቀሩት ስድስቱ ይደመሩለታል። አንድ ቀን ቢበላሽበት ያ ቀን ከሒሳቡ ይወጣል። በግምጃ ቤት የሚጣል ዙር የለም። የተሳሳተ የግብር ውሳኔ ከጥሩ ውሳኔዎች ጋር አብሮ ይቆጠራል፤ ዋጋውንም የሚከፍለው ሚኒስትሩ ሳይሆን ሌላ ሰው ነው። ሻምፒዮን የነበረ ፖለቲከኛ ሊማረው የሚገባው ትልቁ ነገር ይህ ይመስለኛል፤ ይህን ደግሞ ባሕር ላይ አያስተምሩትም።

ስለዚህ በመካከል ያሉት ዓመታት አስፈላጊ ናቸው። ቶኒስቴ ከውድድሩ ዓለም ሲወጡ ወደ ንግድ ገቡ፤ የገቡበት ዘመንም ነጋዴ መሆን አገሪቱን ከሥሯ ማወቅ የነበረበት ዘመን ነው። ኢስቶኒያ በ1994 ለሁሉም እኩል የሆነ 26 በመቶ የገቢ ግብር ደነገገች፤ ኩባንያ ያተረፈውን ለባለ አክሲዮኖቹ እስካላከፋፈለ ድረስ በትርፉ ላይ ግብር የማይከፍልበትን ሥርዓት ደግሞ ከ2000 ጀምሮ ሥራ ላይ አዋለች። በዚህ ሥርዓት ውስጥ የሠራ ሰው ግብር ማለት የወር መጨረሻ ላይ ከሒሳቡ የሚወጣ ገንዘብ መሆኑን ያውቃል። ከንግዱ በኋላ ወደ ፖለቲካ ገብተው፣ ዛሬ ኢሳማ ተብሎ በሚጠራውና ትርጓሜው «አባት አገር» በሆነው ወግ አጥባቂ ፓርቲ ውስጥ ሠሩ፤ ሚኒስትር ከመሆናቸው በፊትም የፓርላማ አባል ሆነው አገልግለዋል። ከመድረክ ወርደው በቀጥታ ወደ ሚኒስትርነት አልዘለሉም። በነሐሱና በሚኒስትርነቱ መካከል ወደ 25 ዓመት ገደማ አለ።

ይሁንና ፓርቲዎች ስፖርተኞችን የሚፈልጉበትን ምክንያት ሳናነሳ ማለፍ ሐቀኝነት አይሆንም። ኢስቶኒያ 1.3 ሚሊዮን ሕዝብ ያላት ትንሽ አገር ናት፤ የኦሎምፒክ ባለ ሜዳሊያን ሁሉም ያውቀዋል። በምርጫ ሥርዓቷ መራጩ ድምፁን ለአንድ ግለሰብ ይሰጣል፤ ድምፁ ግን ለፓርቲው ዝርዝርም ይቆጠራል። ስለዚህ አንድ ታዋቂ ሰው የሚያመጣው ድምፅ ማንም የማያውቃቸውን ሌሎች እጩዎች ይዞ ወደ 101 መቀመጫው ፓርላማ ሊገባ ይችላል። ኢስቶኒያውያን ድምፅ ስቦ መቀመጫውን ለሌላ የሚተውን እጩ የሚጠሩበት ስም አላቸው፤ አዳኞች እውነተኛ ዳክዬዎችን ለመሳብ ሐይቅ ላይ በሚያንሳፍፉት ሰው ሠራሽ ዳክዬ ስም ይጠሩታል። በሲድኒ ኦሎምፒክ የዴካትሎን (የአሥር አትሌቲክስ ውድድሮች ድምር) ወርቅ ያገኘው ኤርኪ ኖል የፓርላማ አባል ሆኗል፤ ቀዛፊው ዩሪ ያንሶንም እንዲሁ። እነዚህን ሰዎች አልነቅፍም፤ ወንበራቸውን ይዘው የሠሩ ናቸው። የምነቅፈው ስምን እንደ ማጥመጃ የሚጠቀመውን አሠራር ነው። መራጭ ለሚያከብረው ሰው ድምፅ ሰጥቶ የማያውቀውን ሰው ሲያገኝ ክብሩ ተሸጧል።

አሁን ወደ ሚኒስትርነታቸው እንምጣ፤ ፍርዱ የሚሰጠው በዚህ ነውና። በ2017 የፀደይ ወራት የፓርቲያቸው አመራር ተለውጦ የቀድሞው የገንዘብ ሚኒስትር ስቬን ሴስተር ሥልጣን ለቀቁ፤ ቶኒስቴም ጁን 12 በጠቅላይ ሚኒስትር ዩሪ ራታስ ጥምር መንግሥት ውስጥ ቦታውን ያዙ። የኅብረቱ ሊቀመንበርነትም ለኢስቶኒያ የደረሰው ከታሰበው ስድስት ወር ቀድሞ ነበር፤ ብሪታንያ ከኅብረቱ ለመውጣት ስለወሰነች ተራዋን ትታ ነበርና። እንዲህ ባለው ጥድፊያ ውስጥ ከሠሯቸው ሥራዎች ሁሉ ትልቁ የዲጂታል ኩባንያዎች ግብር ጉዳይ ይመስለኛል።

ነገሩ እንዲህ ነው። የዓለም የግብር ሕግ የተጻፈው ኩባንያ ማለት ፋብሪካና ቢሮ በነበረበት ዘመን ነው፤ አገር ግብር የሚሰበስበው ኩባንያው በግዛቱ ውስጥ አካላዊ መቀመጫ ሲኖረው ነው። በኢንተርኔት የሚሠሩ ግዙፍ ኩባንያዎች ግን በሚሊዮን የሚቆጠሩ ደንበኞች ካሏቸው አገር ቢሮ ሳይከፍቱ ገቢ ያገኛሉ። ይህ የአውሮፓ ችግር ብቻ አይደለም፤ አዲስ አበባ ላይ በስልካችን የምናየው ማስታወቂያ ገንዘቡ የት አገር እንደሚመዘገብ ስናስብ ጉዳዩ የእኛም ነው። ፈረንሳይ፣ ጀርመን፣ ጣሊያንና ስፔን በኩባንያዎቹ አጠቃላይ ገቢ ላይ በፍጥነት ግብር እንዲጣል ይገፉ ነበር። ኢስቶኒያ ደግሞ «ምናባዊ ቋሚ መቀመጫ» የሚል ሐሳብ አቀረበች፤ ኩባንያው ቢሮ ባይኖረውም በአንድ አገር ውስጥ ብዙ ተጠቃሚና ብዙ ገቢ ካለው እዚያ መቀመጫ እንዳለው እንዲቆጠርና ግብሩ በትርፉ ላይ እንዲሆን ነው። ቶኒስቴ ይህን በሴፕቴምበር 2017 አጋማሽ ታሊን ላይ በተደረገው የሚኒስትሮች ስብሰባ አጀንዳ አደረጉት፤ ዲሴምበር 5 ቀንም ሚኒስትሮቹ በጉዳዩ ላይ የጋራ አቋም ያዙ። በዚያው ዕለት ኅብረቱ በግብር ጉዳይ የማይተባበሩ 17 አገሮችንና ግዛቶችን የያዘ የመጀመሪያ ዝርዝሩን አጸደቀ።

ዲጂታል ግብሩ በኋላ በአባል አገሮች አለመግባባት ተሰናክሎ ጉዳዩ ወደ ዓለም አቀፍ ድርድር እንደተሸጋገረ አውቃለሁ። ይህ ግን የሐሳቡን ዋጋ አይቀንሰውም። ትንሽ አገር በትልልቆች መካከል ስትቆም ጉልበቷ በሐሳብ ጥራት ላይ ነው። ኢስቶኒያ የትልልቆቹን ፈጣን መፍትሔ እንዳለ ሳትቀበል፣ በግትርነትም ሳትቃወመው፣ የራሷን የተሻለ ሐሳብ ይዛ ስብሰባውን መርታለች። ይህ የሚደነቅ ሥራ ነው። ሚኒስትሩ ባሕርተኛ ስለነበሩ የተደረገ ግን አይደለም። በሚኒስቴሩ ውስጥ ለዓመታት ሲሠሩ የቆዩ ባለሙያዎች ስለነበሩና ሚኒስትሩ እነሱን ማዳመጥ ስለቻሉ የተደረገ ነው ብዬ አምናለሁ።

በአገር ውስጥ ያለው መዝገብ እንዲህ የጠራ አይደለም። ከጃንዋሪ 1 ቀን 2018 ጀምሮ ከግብር ነፃ የሆነው ወርኃዊ ገቢ ከ180 ወደ 500 ዩሮ ከፍ አለ። ይህ ለዝቅተኛ ደመወዝተኛ እውነተኛ እፎይታ ነበር፤ ደግሜ እላለሁ፣ እውነተኛ እፎይታ ነበር። ግን ነፃው መጠን ከ1,200 ዩሮ በላይ ለሚያገኝ ሰው እየቀነሰ ሄዶ በ2,100 ዩሮ ላይ ዜሮ ይሆን ነበር። በሁለቱ መካከል ያለ ሠራተኛ ደመወዙ 100 ዩሮ ሲጨመርለት በገቢ ግብር ብቻ ወደ 31 ዩሮ ይሄድበት ነበር፤ ከ2,100 ዩሮ በላይ የሚያገኘው ግን ከዚያው ጭማሪ የሚከፍለው 20 ዩሮ ብቻ ነበር። ከአንድ በላይ የገቢ ምንጭ ያላቸው ሰዎች፣ በተለይም ጡረታ እየተቀበሉ የሚሠሩ፣ ነፃ መጠናቸውን አስቀድመው መገመት ስላቃታቸው ብዙዎቹ በ2019 መጀመሪያ ላይ፣ ያውም በማርች 3ቱ ምርጫ ዋዜማ፣ ተጨማሪ ግብር እንዲከፍሉ ተጠየቁ። ሕጉን ያወጣው ጥምር መንግሥቱ ቶኒስቴ ሳይሾሙ በፊት ነው። ያም ሆኖ ሥራ ላይ ያዋሉት እሳቸው ናቸው፤ ሰው የማይገባውን ሕግ ማስፈጸም ደግሞ የራሱ ተጠያቂነት አለው።

የአልኮል ኤክሳይስም እንዲሁ ነበር። በጁላይ 2017 በቢራ ላይ የተጣለው ኤክሳይስ በአንድ ጊዜ ወደ 70 በመቶ ገደማ ጨመረ። የታሰበው ገቢ ለመጨመርና መጠጥን ለመቀነስ ነበር። የሆነው ግን ሰዎች መኪናቸውን እየያዙ ወደ ደቡብ፣ ወደ ላትቪያ ድንበር መጓዝ መጀመራቸው ነው፤ በድንበሩ ላይ ኢስቶኒያውያን ደንበኞችን የሚጠብቁ የመጠጥ መደብሮች ተስፋፉ። ቀድሞ ከሄልሲንኪ በመርከብ እየመጡ በታሊን መጠጥ ይገዙ የነበሩ ፊንላንዳውያንም ርካሹን ፍለጋ ወደ ላትቪያ ድንበር ይሄዱ ጀመር። ገቢው ከተተነበየው በታች ሆነ። ታቅደው የነበሩ ቀጣይ ጭማሪዎች በመጀመሪያ እንዲቀነሱ፣ ኋላም እንዲተዉ ተደረገ። ስህተትን አይቶ መመለስ በጎ ነገር ነው፤ ይሁን እንጂ ጎረቤት አገር ከሁለትና ሦስት ሰዓት መንገድ በማይርቅበት፣ ድንበሩም ክፍት በሆነበት አገር ሰዎች ምን እንደሚያደርጉ አስቀድሞ ማወቅ ያዳግታል ብዬ አላምንም። ነጋዴ የነበረ ሰው ይህን ከማንም በፊት ሊያየው ይገባ ነበር፤ ቶኒስቴን ከምወቅስባቸው ነገሮች ዋናው ይህ ነው።

በዘመናቸው የፈነዳውን የዳንስከ ባንክ ጉዳይም መጥቀስ ይገባል። የዴንማርኩ ባንክ በሴፕቴምበር 2018 ባወጣው ሪፖርት ከ2007 እስከ 2015 ባሉት ዓመታት በኢስቶኒያ ቅርንጫፉ በኩል ወደ 200 ቢሊዮን ዩሮ የሚጠጋ፣ አብዛኛው አጠራጣሪ የሆነ ገንዘብ ማለፉን አመነ። የኢስቶኒያ የገንዘብ ተቋማት ተቆጣጣሪ አካል በፌብሩዋሪ 2019 ባንኩ በኢስቶኒያ ያለውን ሥራ እንዲዘጋ አዘዘ። ጥፋቱ የተፈጸመው ቶኒስቴ ሚኒስትር ከመሆናቸው ቀደም ብሎ ስለነበር በእሳቸው ላይ መጫኑ ፍትሐዊ አይደለም። ነገር ግን የሜዳሊያ ክብር ለአንድ መንግሥት ምን ያህል ጥቂት ጥበቃ እንደሚሰጥ ይህ ጉዳይ ያሳያል። ባንኮችን የሚቆጣጠረው የባለሙያና የሕግ ሥርዓት ሲላላ፣ በወንበሩ ላይ የተቀመጠው ሰው ማንም ይሁን ማን የአገር ስም ይጎድፋል።

ይህን ሁሉ ስጽፍ በልቤ ያለው የእኛው አገር ነው። ኃይሌ ገብረሥላሴ ከሩጫው በኋላ በንግዱ ዓለም የገነባውን ሁሉም ያውቃል፤ ወደ ፓርላማ የመግባት ፍላጎቱንም በአንድ ወቅት በይፋ ተናግሮ ነበር። ከ2016 እስከ 2018 የኢትዮጵያ አትሌቲክስ ፌዴሬሽንን መርቶ በፈቃዱ ለቀቀ፤ ከእሱ በኋላ ኃላፊነቱን የያዘችው የባርሴሎናዋ ጀግና ደራርቱ ናት። በእነዚህ ጊዜያት ሁሉ በመካከላችን ሲነሳ የነበረው ክርክር «ይገባዋል፣ አይገባውም» የሚል ነበር። ስለ ሜዳሊያው ብዛት ተከራከርን፤ ስለ በጀቱ፣ ስለ አሠልጣኞች አመዳደብ፣ ስለ አትሌቶች ምርጫ መስፈርት ግን የዚያን ሩብ ያህል አልጠየቅንም። ጀግኖቻችንን እንወዳለን፤ መውደዳችንም ትክክል ነው። ግን ኃላፊነት ሲይዙ እንደ ማንኛውም ኃላፊ ሒሳባቸውን እንዲያሳዩን የማንጠይቃቸው ከሆነ፣ ወይ ለማይገባ ውዳሴ ወይ ለማይገባ ውርደት እናጋልጣቸዋለን።

ቶኒስቴን ኢስቶኒያውያን ከእነዚህ ሁለቱም አትርፈዋቸዋል። የአገሪቱ ጋዜጦች ስለ ቢራው ዋጋና ስለ ግብሩ ስሌት ሲጠይቋቸው ስለ ፑሳን ነፋስ አልጠየቋቸውም። ከ2019ኙ ምርጫ በኋላ አዲስ ጥምር መንግሥት ሲመሠረት፣ 52 ዓመት በሞላቸው በሦስተኛው ቀን፣ ኤፕሪል 29 ቀን 2019፣ ሚኒስቴሩን ለማርቲን ሄልሜ አስረክበው ወጡ። አዲሱ መንግሥት ከሁለት ወር በኋላ፣ ጁላይ 1 ቀን፣ የቢራንና የጠንካራ መጠጦችን ኤክሳይስ በ25 በመቶ ቀነሰ።